ጋርዴል ለምን አይንቀሳቀስም? የመጀመሪያዎቹ የታንጎ ፊልሞች እንዴት እንደተቀረፁ

ካርሎስ ጋርዴል ሲዘፍን የሚያሳዩትን አጫጭር ጥቁርና ነጭ ፊልሞች ለመጀመሪያ ጊዜ የሚያይ ሰው ብዙውን ጊዜ ቅር ይለዋል። በዝና የሰማው ትልቁ የአርጀንቲና ታንጎ ዘፋኝ ካሜራ ፊት ተገትሮ ይቆማል። አይራመድም፣ አይዞርም። ካሜራውም ከቆመበት ንቅንቅ አይልም። ድምፁ የታፈነ ነው፣ ከጀርባው ሽሽሽ የሚል ነገር ይሰማል። አንዳንዱ ላይ ደግሞ ዘፈኑ ከመጀመሩ በፊት ሁለት ሰዎች ቆመው ያወራሉ፣ ወሬያቸውም የተጠና መሆኑ ያስታውቃል። ክሊፕ ማለት በየሁለት ሰከንዱ የሚቀያየር ምስል ለሆነበት የዛሬ ተመልካች ይሄ ቶሎ ይሰለቻል። ደቂቃ ሳይሞላ ይዘጋዋል።

እኔ ግን ሰው እንዳይዘጋቸው እፈልጋለሁ። ይሄን የምጽፈውም ለዚያ ነው። ፊልሞቹ እንዴት እንደተሠሩ ካወቃችሁ፣ መገተሩ የዘፋኙ ድክመት ሳይሆን የማሽኑ ትእዛዝ እንደሆነ ይገባችኋል። ያ ከገባችሁ በኋላ ዓይናችሁ የሚያርፈው ሌላ ቦታ ላይ ነው። ፊቱ ላይ፣ ትንፋሹ ላይ፣ ቃል ሲጎትትና ሲቆርጥ አፉ ላይ። እዚያ ላይ ነው ሰውየው ሥራውን የሚሠራው። በነገራችን ላይ፣ እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

መጀመሪያ ሰውየውን እንወቀው። ጋርዴል ያደገው ቦነስ አይረስ ውስጥ፣ አባስቶ በሚባለው የገበያ ሰፈር ነው። ሰነዱ የሚለው ዲሴምበር 11 ቀን 1890 ፈረንሳይ አገር ቱሉዝ ከተማ ተወልዶ፣ እናቱ ገና ሕፃን ሳለ ወደ አርጀንቲና ይዛው እንደመጣች ነው። ኡራጓዮች ደግሞ «የኛ የታኳሬምቦ ልጅ ነው» ብለው እስከ ዛሬ ይሟገታሉ። ሙግቱን ለነሱ እንተወው። ለኛ ጉዳይ ትልቁ ዓመት 1917 ነው። እስከዚያ ድረስ ታንጎ በዋናነት በመሣሪያ የሚጫወቱትና የሚጨፍሩበት ሙዚቃ ነበር። በ1917 ጋርዴል «ሚ ኖቼ ትሪስቴ» የሚባለውን ዘፈን ሸክላ ላይ አስቀረፀ። ፍቅረኛው ጥላው የሄደች ሰው ባዶ ክፍሉ ውስጥ ሆኖ የሚያንጎራጉረው ነው። ግጥሙ የፓስኩዋል ኮንቱርሲ፣ ዜማው የሳሙኤል ካስትሪዮታ። ታንጎ የሰው ታሪክ የሚተረክበት፣ ቁጭ ተብሎ የሚደመጥ ዘፈን የሆነው ከዚህ በኋላ ነው።

በዚያው ዓመት ጋርዴል ፊልም ላይም ተውኗል። «ፍሎር ዴ ዱራስኖ» ይባላል። ፊልሙ ግን ድምፅ አልባ ነው። አስቡት እንግዲህ፣ አገር ምድሩ ለድምፁ የሚሞትለት ሰው ስክሪን ላይ ከንፈሩን ብቻ ያንቀሳቅሳል።

ይሄ ማለት ግን ሲኒማ ቤቶቹ ጸጥ ብለው ነበር ማለት አይደለም። እንዲያውም በ1920ዎቹ ቦነስ አይረስ ውስጥ ጥሩ ታንጎ መስማት የፈለገ ሰው ሲኒማ ቤት ይገባ ነበር። ምስሉ ስክሪኑ ላይ ሲሄድ ከፊት ኦርኬስትራ ቁጭ ብሎ በቀጥታ ይጫወታል። ታላላቆቹ የታንጎ ባንዶች በዚህ ይተዳደሩ ነበር። ፊልሙ ሳይሆን ባንዱ የሚጠራው ተመልካችም ብዙ ነበር። የንግዱ ሰዎችም ሁለቱን በአንድ እጅ ይዘዋቸዋል። ማክስ ግሉክስማን የሚባለው ነጋዴ ሲኒማ ቤቶችም ነበሩት፣ የጋርዴልን ሸክላ የሚያወጣውም የሱ ኩባንያ ነበር። ከ1924 ጀምሮ ግራን ስፕሌንዲድ በሚባለው ትያትር ቤቱ የታንጎ ውድድር ያዘጋጅ ጀመር፤ አዲስ የተደረሱ ታንጎዎች እዚያ ይቀርባሉ፣ ሕዝቡ ድምፅ ይሰጣል። ያ ሕንፃ ዛሬ በዓለም ከታወቁት ውብ መጻሕፍት ቤቶች አንዱ ነው።

ስለዚህ ታንጎና ሲኒማ ከመጀመሪያውም አንድ ጣሪያ ሥር ነበሩ። የቀረው ዘፋኙን ራሱን ስክሪኑ ላይ ማዘፈን ነው። ችግሩ ደግሞ እዚህ ላይ ነው።

ድምፅና ምስልን አንድ ላይ ለማስኬድ ሁለት መንገድ ነበር። አንደኛው ሸክላ ነው። ፊልሙ በፕሮጀክተር ይዞራል፣ ድምፁ ደግሞ ከፕሮጀክተሩ ጋር በአንድ ሞተር ከተያያዘ ትልቅ ሸክላ ይወጣል። አሜሪካኖቹ በ1926 ቪታፎን ብለው ያወጡት ይሄንን ነው። ሸክላው ወደ 40 ሴንቲ ሜትር ስፋት አለው፣ አንዱ ፊት አንድ ሮል ፊልም ይሸፍናል፣ ይህም ወደ 11 ደቂቃ ነው። ድምፁ ለጊዜው ጥሩ ነበር። ጣጣው ግን አያልቅም። መርፌው አንዴ ከዘለለ አለቀ። ፊልሙ ተበጥሶ ሲቀጠል ጥቂት ምስሎች ከጠፉም ከዚያ በኋላ ያለው ሁሉ ይዛነፋል፤ ሰውየው አፉን ዘግቶ ድምፁ ይቀጥላል። አርጀንቲናም በዚህ መንገድ ሞክራዋለች። ሆሴ ፌሬይራ በ1931 የሠራው «ሙኜኪታስ ፖርቴኛስ» የሸክላ ድምፅ የያዘ ሙሉ ፊልም ነው።

ሁለተኛው መንገድ ድምፁን ራሱን ፎቶ ማንሳት ነው። ይሄኛው ትንሽ ረጋ ብሎ ማየት ይፈልጋል፣ የጋርዴል አጫጭር ፊልሞች የተሠሩት በሱ ነውና። ዘፋኙ ይዘፍናል። ማይክሮፎኑ የአየሩን እርግብግቢት ወደ ኤሌክትሪክ ይቀይረዋል። ያ ኤሌክትሪክ አንድ ቀጭን የብርሃን ጭረት እንዲደምቅና እንዲፈዝ፣ ወይም እንዲሰፋና እንዲጠብ ያደርጋል። ብርሃኑ በሚሮጠው ፊልም ላይ ሲያርፍ ምልክት ይተዋል። ፊልሙ ታጥቦ ሲወጣ ከምስሉ ጎን፣ ጠርዙ ላይ፣ ከላይ እስከ ታች የሚወርድ ጠባብ መስመር ይታያል። ያ መስመር ድምፁ ነው። ሲኒማ ቤት ውስጥ ደግሞ ነገሩ ይገለበጣል። ፕሮጀክተሩ ውስጥ ትንሽ አምፖል በመስመሩ ውስጥ ብርሃን ታሳልፋለች፣ ከወዲያ ማዶ ብርሃንን ወደ ኤሌክትሪክ የሚቀይር መሣሪያ ይቀበላታል፣ ከዚያ ወደ ማጉያ፣ ከማጉያው ወደ ስፒከር። ድምፁና ምስሉ አንድ ፊልም ላይ ስለሆኑ ቢበጠስም ቢቀጠልም አብረው ይቆረጣሉ። ለዚህ ነው በመጨረሻ ያሸነፈው ይሄኛው መንገድ።

ግን ዋጋ አስከፍሏል። አንደኛ፣ የፊልሙ ፍጥነት በሰከንድ 24 ምስል ላይ መርጋት ነበረበት። ድሮ ካሜራማኑ እጀታውን በእጁ እያዞረ እንደ ስሜቱ ያፈጥን፣ ያዘገይ ነበር። ዓይን ይታገሳል፣ ጆሮ ግን አይታገስም፤ ፍጥነቱ ትንሽ ከተንገዳገደ ድምፁም ይንገዳገዳል። ሁለተኛ፣ መስመሩ ከምስሉ ቦታ ቆርሶ ወሰደ። ስለዚህ የዚያን ጊዜ ድምፃዊ ፊልም ምስሉ ወደ ካሬ የተጠጋ ነው። በኋላ በሌላ መጠን ሲገለበጡ ጠርዙ ይቆረጣል። ኦንላይን ላይ ግንባሩ የተቆረጠ ወይም ወደ አንድ ጎን የተገፋ ዘፋኝ ካያችሁ፣ ቀራጩ አልተሳሳተም። ቅጂው ነው የበላው።

አንድ ሌላ ነገርም አብሮ መምጣት ነበረበት፣ እሱም የኤሌክትሪክ ማይክሮፎኑ ነው። እስከ 1920ዎቹ አጋማሽ ሸክላ የሚቀረፀው በትልቅ ጡሩምባ ነበር። ዘፋኙ አፉን ወደ ጡሩምባው ደግኖ ድምፁን አውጥቶ መግፋት አለበት፣ አለዚያ መርፌው አይንቀሳቀስም። ጋርዴል በኤሌክትሪክ ማይክሮፎን መቅዳት የጀመረው በ1926 መጨረሻ ገደማ ነው። የፊተኛውንና የኋለኛውን ሸክላ አከታትላችሁ ብትሰሙ ልዩነቱ ወዲያው ይታወቃችኋል። በኋለኛው ላይ ድምፁን ዝቅ ያደርጋል። ለአንድ ሰው ብቻ የሚያወራ ይመስላል። ይሄ ለታንጎ ትልቅ ነገር ነው፣ የታንጎ ግጥም አብዛኛው አንድ ሰው ለአንድ ሰው የሚናገረው ነውና።

እንግዲህ ወደ 1930 እንምጣ። ቦነስ አይረስ። ያ ዓመት ለአርጀንቲና ክፉ ዓመት ነበር። የዓለም ኢኮኖሚ ወድቋል፣ ሥራ የለም። ሴፕቴምበር 6 ቀን ጄኔራል ኡሪቡሩ ፕሬዚዳንት ኢሪጎዬንን በመፈንቅለ መንግሥት ጣላቸው። ጋርዴል ካሜራ ፊት የቆመው ከዚያ በኋላ ብዙም ሳይቆይ፣ ኦክቶበርና ኖቬምበር ውስጥ ነው። ስቱዲዮው ሜክሲኮ ጎዳና ላይ ነበር፣ የፌዴሪኮ ቫዬ። ቫዬ ጣሊያን አገር ተወልዶ አርጀንቲና የከተመ፣ ለዓመታት የዜና ፊልም ሲያዘጋጅ የኖረ ሰው ነው። ዳይሬክተሩ ኤድዋርዶ ሞሬራ፣ ካሜራማኑ አንቶኒዮ ሜራዮ። አሥራ አምስት ዘፈኖች ተቀረፁ። እስከ ዛሬ የደረሱት 10 ናቸው።

አሁን ያንን የቀረፃ ክፍል በዓይነ ሕሊናችሁ ሳሉት። የዚያ ዘመን ካሜራ ጥርሱ ይንኳኳል፣ ሞተሩ ይጮኻል። ማይክሮፎን ደግሞ የሚሰማውን አይመርጥም፣ ዘፈኑንም ካሜራውንም እኩል ይለቅማል። ስለዚህ በዚያ ዘመን በየአገሩ የነበረው መላ ካሜራውን ከነቀራጩ መስታወት ባለው የታፈነ ሳጥን ውስጥ መክተት፣ ወይም በወፍራም ነገር መጠቅለል ነበር። እንዲህ የታሰረ ካሜራ ወዴትም አይሄድም። ማይክሮፎኑም አንድ ቦታ የተሰቀለ ነው፣ ዘፋኙ አንድ እርምጃ ከራቀ ድምፁ ይከሳል። ፊቱን ካዞረም እንዲሁ። በዚያ ላይ መቀላቀል የሚባል ነገር የለም ማለት ይቻላል። ዛሬ ድምፃዊው ለብቻ፣ ጊታሩ ለብቻ ይቀዳና ኋላ ይመጣጠናል። ያኔ ዘፋኙና ሦስቱ ጊታር ተጫዋቾች በአንድ ጊዜ፣ ለአንድ ማይክሮፎን ነው የሚጫወቱት። ድምፁን የሚመጥኑት በርቀት ነው። ጊታሮቹ ዘፋኙን እንዳይሸፍኑት የሚቆሙበት ቦታ አስቀድሞ ይለካል። አንዱ ገመድ ከሳተ ከመጀመሪያው ነው የሚጀመረው፣ ፊልም ደግሞ ውድ ነው።

ጋርዴል የማይንቀሳቀሰው ለዚህ ነው። እግሩን ማሽኑ ወስዶታል።

የቀረለት ፊቱ ነው። እና ምን እንዳደረገበት ለማየት «ዪራ ዪራ»ን ክፈቱ። በዚያን ዓመት የወጣ ታንጎ ነው፣ ግጥሙም ዜማውም የኤንሪኬ ሳንቶስ ዲሴፖሎ። ፊልሙ የሚጀምረው በወሬ ነው። ጋርዴልና ዲሴፖሎ ቆመዋል። ጋርዴል በዚህ ዘፈን ምን ማለት እንደፈለገ ይጠይቀዋል። ዲሴፖሎ የብቸኝነትና የተስፋ መቁረጥ ዘፈን ነው ይለዋል። ጋርዴል ቀጥሎ፣ ሰውየው ግን ጥሩ ሰው ነው አይደል ይላል። አዎ፣ ይላል ዲሴፖሎ፣ አርባ ዓመት ሙሉ በሰው ልጅ ወንድማማችነት አምኖ የኖረ ሰው ነው፣ ከዚያ አንድ ቀን፣ በአርባ ዓመቱ፣ ሰዎች አውሬ መሆናቸው ይገለጥለታል። ጋርዴል አሁንም አይለቀውም፤ ግን የሚናገረው ሁሉ መራራ ነው እኮ ይለዋል። ዲሴፖሎም ይሄን ለማወቅ አርባ ዓመት የፈጀበት ሰው የሚያስቅ ነገር እንዲናገር ትጠብቃለህ እንዴ ይለዋል።

ዲሴፖሎ ያኔ ገና ሠላሳ አልሞላውም። ሰላሳ ዘጠኝ ዓመት ከምናምን የነበረው፣ አርባን ሊደፍን ሳምንታት የቀሩት ጋርዴል ነው። ሁለቱ ይሄን እያወቁ ይነጋገሩ እንደሆነ ፊልሙ አይነግረንም፣ እኔ ግን ባየሁት ቁጥር ይሄ ነገር ይመጣብኛል። ከዚያ ይዘፍናል። ፈገግታው ይጠፋል። ቅንድቡን ትንሽ ያነሳል፣ አንገቱን በጣም በጥቂቱ ዘንበል ያደርጋል፣ እንደገና ያቀናል። ለቅሶ የለም፣ እጅ መዘርጋት የለም። ዘፈኑ ደጁ ሁሉ ስለተዘጋበት፣ ያመነው ሁሉ ስለከዳው ሰው ነው፣ እሱ ግን የሚዘፍነው ሲያስጠነቅቅ ነው እንጂ ሲያለቅስ አይደለም። ከመፈንቅለ መንግሥቱ ብዙም ሳይቆይ ይሄንን በሲኒማ ቤት ያየ ሥራ አጥ ምን ተሰምቶት ይሆን?

ስለ ወሬው አንድ ነገር ልበል። ብዙ ሰው እያለፈ ዘፈኑ የሚጀምርበት ላይ ይሄዳል። ባታልፉት ይሻላል። ያኔ ተመልካቹ ከስክሪን ላይ የሚያወራ ሰው መስማት ራሱ ብርቁ ነው። ከዚያም በላይ ደራሲዎቹን ያየንበት ነው። «ማኖ አ ማኖ» ላይ የግጥሙ ባለቤት ሴሌዶኒዮ ፍሎሬስ ራሱ አለ። «ኤል ካሬቴሮ» ላይ አሮጌው ዘፋኝ አርቱሮ ዴ ናቫ። «ሮሳስ ዴ ኦቶኞ» ላይ የኦርኬስትራ መሪው ፍራንሲስኮ ካናሮ። ሸክላ ላይ ስማቸው በትንሽ ፊደል የሚጻፍ ሰዎች እዚህ ፊትና ድምፅ አላቸው። የግጥም ደራሲን ከዘፋኙ እኩል ካሜራ ፊት ማቆም ዛሬም ብርቅ ነው፣ እኔ እንዲያውም የነዚህ ፊልሞች ትልቁ ውለታ ይሄ ይመስለኛል።

«ቪዬሆ ስሞኪንግ» ደግሞ ከሌሎቹ ይለያል። ንብረቱን ሁሉ መያዣ አስይዞ ስለጨረሰ፣ ከድሮው ዘመኑ አንድ የክት ልብስ ብቻ ስለቀረው ሰው ነው። ሞሬራ ከዘፈኑ በፊት ኢኔስ ሙራይና ሴሳር ፊያስቺ የሚባሉ ተዋንያን ያሉበት አጭር ድራማ አስገብቶበታል። ዘፈኑ ከታሪኩ ይወጣል። ለዚህ ነው ብዙ ሰው እነዚህን ፊልሞች «የዓለም የመጀመሪያዎቹ ክሊፖች» የሚላቸው። ይሄ ልክ አይደለም። ሊ ዴ ፎረስት የሚባለው አሜሪካዊ ፈጣሪ ከ1923 ጀምሮ ኒው ዮርክ ውስጥ ዘፋኞችን በፊልም ላይ ከነድምፃቸው ያሳይ ነበር፣ ቪታፎንም በ1926 ተከትሏል። ጋርዴልን ለማክበር የሌለ ማዕረግ አያስፈልግም። በላቲን አሜሪካ ግን ከቀደምቶቹ ናቸው፣ ታንጎን በተመለከተ ደግሞ እንዲህ ያለ ምስክር ሌላ የለንም።

ከዚህ በኋላ ገንዘቡ መጣ። ፓራማውንት የሚባለው የአሜሪካ ፊልም ኩባንያ ፓሪስ አጠገብ ጆዋንቪል በሚባል ቦታ ትልቅ ስቱዲዮ ነበረው። ምክንያቱ ቀላል ነው። ፊልም ድምፅ ሲያወጣ ቋንቋ ችግር ሆነ፣ ድምፅን በሌላ ቋንቋ መተካት ደግሞ ገና አልተለመደም። ስለዚህ አንዱን ታሪክ በየቋንቋው፣ በየአገሩ ተዋናይ፣ ደጋግመው ይቀርፁት ነበር። ስፓኒሽ ተናጋሪው ገበያ ሰፊ ነው። ጋርዴል በ1931 እዚያ «ሉሴስ ዴ ቦነስ አይረስ»ን ሠራ። አብራው ሶፊያ ቦሳን አለች፣ የሁሊዮ ዴ ካሮም ኦርኬስትራ አለ። ጋርዴል «ቶሞ ኢ ኦብሊጎ»ን የሚዘፍንበት ትዕይንት ሲመጣ ሲኒማ ቤቱ ውስጥ ሕዝቡ ይጮኻል፣ ፊልሙ ተመልሶ ዘፈኑ እንዲደገም ይጠይቃል፣ ማሽኑን የሚያጫውተውም ሥራውን አቁሞ ወደ ኋላ ይመልስ ነበር ተብሎ ይነገራል። ፊልም እንደ መድረክ «ድገመው» የተባለበት ጊዜ ነበር።

ከ1934 ጀምሮ ደግሞ ኒው ዮርክ፣ አስቶሪያ ስቱዲዮ። «ኩዌስታ አባሆ»፣ «ኤል ታንጎ ኤን ብሮድዌይ»፣ «ኤል ዲያ ኬ ሜ ኪዬራስ»፣ «ታንጎ ባር»። ድርሰቱንና ግጥሙን የሚጽፍለት አልፍሬዶ ሌ ፔራ ነው። በ«ኤል ዲያ ኬ ሜ ኪዬራስ» ውስጥ ጋዜጣ የሚሸጠው ትንሽ ልጅ፣ ኋላ ታንጎን እንደገና የፈጠረው አስቶር ፒያሶላ መሆኑን ብዙ ሰው አያውቅም።

እነዚህ ፊልሞች ድምፃቸውም መብራታቸውም በጣም የተሻለ ነው። ዘፈኖቹም ዓለም የሚያውቃቸው ናቸው። እኔ ግን በ1930 የተቀረፁትን አሥሩን አስበልጣለሁ። ሌ ፔራ ግጥሙን የሚጽፈው ከሜክሲኮ እስከ ቺሊ ያለ ሰው ሁሉ እንዲረዳው ነው። የቦነስ አይረስ የአራዳ ቋንቋ፣ ሉንፋርዶ የሚሉት፣ ከዘፈኖቹ ቀስ በቀስ ወጣ። ለገበያው ልክ ነበር፣ ዘፈኖቹም ውብ ናቸው። ነገር ግን «ማኖ አ ማኖ» ላይ የምትሰሙት የሰፈር ልጅ እነዚህ ፊልሞች ላይ ክራቫቱን አስሮ ጨዋ ሆኗል።

እስካሁን የጋርዴልን ስም ብቻ ስደጋግም ቆየሁ። ሴቶቹ ግን ከሱ አያንሱም። ኤፕሪል 27 ቀን 1933 ቦነስ አይረስ ውስጥ «ታንጎ!» የሚባል ፊልም ለሕዝብ ቀረበ። ዳይሬክተሩ ሉዊስ ሞግሊያ ባርት። አርጀንቲና ውስጥ ድምፁ ፊልሙ ላይ የታተመ የመጀመሪያው ሙሉ ፊልም ነው። ታሪኩ ስስ ነው፣ ብዙም አትጨነቁበት። የተሠራው ሕዝቡ በሬዲዮና በሸክላ የሚያውቃቸውን ሰዎች ለማሳየት ነው። ሊበርታድ ላማርኬ አለች፣ ሜርሴዴስ ሲሞኔ አለች፣ ቲታ ሜሬዮ አለች፣ የኦስቫልዶ ፍሬሴዶና የኤድጋርዶ ዶናቶ ኦርኬስትራዎች አሉ። ከሁሉም በፊት ግን አሱሴና ማይሳኒ ትመጣለች። የወንድ ልብስ ለብሳ፣ ባርኔጣ ደፍታ፣ እንደ ሰፈር ጎረምሳ ሆና «ላ ካንሲዮን ዴ ቦነስ አይረስ»ን ትዘፍናለች። ድምፁ ሻካራ ነው፣ ቀረፃውም ገና ልምምድ ላይ ያለ ነው። እሷ ግን ቦታውን ትይዘዋለች። ይሄንን መድረክ ላይ የማየት ዕድል የነበረው የዋና ከተማው ሰው ነው። በሩቅ ጠቅላይ ግዛት ያለ ሰው ድምፅዋን በሬዲዮ ሲሰማ የቆየው፣ ባርኔጣዋን ያየው በዚህ ፊልም ነው።

ሞሬራ ራሱም ወደዚህ ተመልሷል። በ1934 «ኢዶሎስ ዴ ላ ራዲዮ» የሚል ፊልም ሠራ፣ አዳ ፋልኮንና ኢግናሲዮ ኮርሲኒ ያሉበት። አዳ ፋልኮን በዚያ ጊዜ በጣም ከሚታወቁት ድምፆች አንዷ ነበረች። በ1940ዎቹ መጀመሪያ ሁሉን ነገር ትታ ኮርዶባ ክፍለ ሀገር ገባች፣ እዚያ በጸሎት ኖረች፣ እስከሞተችበት 2002 ድረስ ወደ መድረክ አልተመለሰችም። የተወነችበት ድምፅ ያለው ፊልም ይሄ አንዱ ብቻ ነው።

የድምፅ ፊልም ለሁሉም አልተመቸም። ቅድም ያልኳችሁ የሲኒማ ቤት ኦርኬስትራዎች ሥራቸውን ያጡት በዚህ ነው። ስፒከር ከገባ ባለቤቱ ለአሥር ሙዚቀኛ ለምን ይከፍላል? ታንጎን ከሲኒማው ጋር ያስተዋወቁት ሰዎች ናቸው መጀመሪያ የተባረሩት። ጥቂቶቹ በሬዲዮ ገቡ፣ ብዙዎቹ ዝም አሉ።

የጠፋውም ብዙ ነው። የዚያን ጊዜ ፊልም የሚሠራው ከናይትሬት ነው። ናይትሬት በቀላሉ እሳት ይይዛል፣ አንዴ ከያዘ ውኃ አያጠፋውም። ባይቃጠልም በቆይታ ብዛት ይጣበቃል፣ በመጨረሻም ዱቄት ይሆናል። ቫዬ ይሄንን በራሱ ላይ አይቶታል። በ1926 የተነሳ ቃጠሎ ንብረቱን ሲበላ፣ በ1917 ያሠራው «ኤል አፖስቶል» አብሮ ጠፋ፤ በዓለም የመጀመሪያው ሙሉ የአኒሜሽን ፊልም የሚባለው እሱ ነው። ዛሬ ፊልሙን ማየት የሚችል ሰው የለም። ከአሥራ አምስቱ የጋርዴል ዘፈኖች አሥሩ መትረፋቸውን ከዚህ ጋር ስታዩት ዕድለኞች ነን።

ሰዎቹም ብዙ አልቆዩም። በ1930 በተቀረፁት ፊልሞች ላይ ጋርዴልን የሚያጅቡት ጊታር ተጫዋቾች ጊዬርሞ ባርቢዬሪ፣ አንኼል ሪቬሮልና ሆሴ ማሪያ አጊላር ናቸው። ጁን 24 ቀን 1935 ኮሎምቢያ፣ ሜዴዪን አውሮፕላን ማረፊያ ሁለት አውሮፕላኖች መሬት ላይ ተጋጩ። ጋርዴል፣ ሌ ፔራና ባርቢዬሪ እዚያው ሞቱ። ሪቬሮል ከሁለት ቀን በኋላ። አጊላር ተቃጥሎ ተረፈ። አምስት ዓመት እንኳ አልሞላም ከዚያ ቀረፃ። ስለዚህ ዘፈኑ መሀል ላይ ጊታሮቹ ብቻቸውን ሲቀሩ፣ ዓይናችሁን ከጋርዴል ነቅላችሁ እነሱን እዩ። ፊልም የያዛቸው ጥቂት ጊዜ ነው።

አሁን ልታዩ ከሆነ አንዳንድ ነገር ልንገራችሁ። ኦንላይን ላይ ቀለም የተቀባባቸው ቅጂዎች አሉ፣ እነሱን ተዉአቸው፤ የፊቱን ጥላ ያጠፉታል፣ ጥላው ደግሞ ግማሹ ትወና ነው። ድምፁ ከምስሉ ጋር ሲነፃፀር በጣም የጠራ ከሆነባችሁ ተጠራጠሩ፤ አንዳንዴ ጫኙ ሰው የፊልሙን ድምፅ አንስቶ ሸክላውን ይለጥፍበታል። አፉን ተከታተሉ፣ ከሁለት ሦስት ስንኝ በኋላ ትዛነፋለች። በቀጥታ የተዘፈነና በፕሌይባክ የተሠራ ፊልም የሚለየውም እንዲሁ ነው። ዘፋኙ ሲዞር ድምፁ ትንሽ ከቀነሰ፣ ከረጅም ስንኝ በፊት ደረቱ ሲነሳ ትንፋሹ ከተሰማ፣ በቀጥታ ነው። እየተራመደ፣ ካሜራው ከፊትም ከጎንም እየቀያየረው ድምፁ አንድ ዓይነት ከሆነ፣ ዘፈኑ አስቀድሞ ተቀድቷል ማለት ነው።

ቅደም ተከተሉን ከጠየቃችሁኝ በ«ዪራ ዪራ» ጀምሩ፣ ቀጥሎ «ቪዬሆ ስሞኪንግ»፣ ከዚያ የማይሳኒን ትዕይንት ከ«ታንጎ!» ፈልጉ። «ቶሞ ኢ ኦብሊጎ»ን ለመጨረሻ አቆዩት። የሚቻል ከሆነ ከሌላ ሰው ጋር እዩት፣ ምክንያቱም የተሠራው ለሲኒማ ቤት ሙሉ ሕዝብ ነው፣ «ድገመው» ማለት ደግሞ ብቻ ሆኖ አይሆንም።